የነፃ ተዋናይ ጥያቄ የቤት ኪራይ ጥያቄ ነው

በቶሮንቶ ከተማ በምንገኝ ኢትዮጵያውያን ተማሪዎች መካከል አንድ ክርክር ከተነሣ ሰንብቷል። ማኅበራችን ለባህል ሥራ ብሎ ያስቀመጣት ጥቂት ገንዘብ አለች፤ በዚህች ገንዘብ ምን ይሠራባት ነው ጥያቄው። አንደኛው ወገን ትልቅ አዳራሽ ተከራይተን፣ ስሙ የገነነ ዘፋኝ ጠርተን፣ ሕዝቡ ተሰብስቦ ናፍቆቱን ይወጣ ይላል። ሁለተኛው ወገን ደግሞ ዛሬ ሰው ሁሉ ካሜራ በኪሱ ይዞ ስለሚዞር፣ የሚተውነውም ሆነ ፊልም የሚያነሣው ሰው የማንንም እርዳታ አይሻም፤ ስለዚህ ገንዘቡ ለሌላ ጉዳይ ይዋል ይላል። የሚያስገርመው ሁለቱም ወገኖች ሐሳባቸውን ለማጽናት የሚጠሩት ምስክር አንድ ሰው መሆኑ ነው፤ እርሱም አቤል ተስፋዬ ነው። የመጀመሪያዎቹ «የእኛ ልጅ የት እንደ ደረሰ ተመልከቱ» ሲሉ፣ ሁለተኞቹ «ማን ረዳው? ብቻውን አይደለም ወይ የወጣው?» ብለው ይመልሳሉ።

እኛ በበኩላችን ከሁለቱም ወገን አልተሰለፍንም። ምስክሩ ግን መልካም ምስክር ነው፤ ጉድለቱ ማንም በወጉ ያልጠየቀው መሆኑ ነው። ቢጠየቅ ኖሮ ሥራው ከየት እንደ ተነሣ፣ በማን ቤት፣ በስንት ሰው መዋጮ፣ ከየት በተገኘ ጊዜ እንደ ተሠራ ይነግረን ነበር። ይህን ከሥሩ ለመመርመር ከከተማይቱ በስተ ምዕራብ ወዳለው ሰፈር፣ ወደ ፓርክዴል መሄድ ያስፈልጋል። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው፤ በአገር ቤት ያላችሁ አንባቢዎቻችን በዚሁ ተረዱልን።)

ፓርክዴል እስከ 1889 ድረስ ራሱን የቻለ ትንሽ ከተማ ነበር፤ ከቶሮንቶ ጋር የተቀላቀለው በዚያ ዓመት ነው። በኦንታሪዮ ሐይቅ ዳር የተቀመጠ በመሆኑ ሀብታሞች ሰፋፊ ቤቶች ሠሩበት፤ በአጠገቡ ሰኒሳይድ የሚባል የታወቀ መዝናኛ ነበረ። በ1950ዎቹ አጋማሽ ግን ከተማይቱ ለመኪና መንገድ ስትል መዝናኛውን አፈረሰች፤ ጋርዲነር የተባለው ፈጣን አውራ ጎዳናም በሐይቁና በሰፈሩ መካከል እንደ አጥር ተጋረጠ። ሀብታሙ ወደ ሌላ ቦታ ሲሸሽ በጄምሰን ጎዳና የነበሩት የጥንት ቤቶች ፈርሰው ባለ ብዙ ፎቅ የኪራይ ሕንፃዎች ተተኩ፤ የቀሩትም ትላልቅ ቤቶች ክፍል በክፍል እየተሸነሸኑ ለነጠላ ተከራይ ተሰጡ። በ1970ዎቹና በ1980ዎቹ ደግሞ በኩዊን ጎዳና ካለው የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል፣ ለኑሯቸው በቂ ድጋፍ ሳይዘጋጅላቸው የወጡ ብዙ ሰዎች በእነዚሁ ክፍሎች ተጠጉ። ከዚያም ከየአገሩ የተሰደደው ተከተለ፤ በተለይ የቲቤት ስደተኞች በብዛት ስለ ሰፈሩበት ዛሬ ሰፈሩ «ትንሿ ቲቤት» እየተባለ ይጠራል። እንግዲህ ፓርክዴል የዘፋኝና የሠዓሊ፣ የተዋናይና የፊልም ሠሪ መጠጊያ የሆነው አየሩ ለኪነ ጥበብ ስለሚስማማ አይደለም፤ ኪራዩ ርካሽ ስለ ነበረ ነው።

አቤል ተስፋዬ በ1990 ቶሮንቶ ውስጥ ተወለደ፤ ያደገው ግን በከተማይቱ ምሥራቅ፣ በስካርቦሮ ነው። ያሳደጉት እናቱና ሴት አያቱ ናቸው፤ አፉን የፈታውም በአማርኛ ነው። በ17 ዓመቱ ትምህርቱን አቋርጦ፣ ከቤት ወጥቶ፣ ከባልንጀሮቹ ጋር ፓርክዴል ገባ። ራሱ በኋላ ለጋዜጠኞች እንደ ተናገረው፣ ልጆቹ ኪራዩን የሚከፍሉት መንግሥት ለችግረኛ ከሚሰጠው ድጎማ ጭምር ነበር። ከዚያም በልብስ መደብር ተቀጥሮ ልብስ እያጣጠፈ ሠርቷል። በ2010 መጨረሻ ፊቱን ሳያሳይ፣ «ዘ ዊክንድ» በሚል ስም ጥቂት ዘፈኖች በዩቱብ ለቀቀ። በ2011 አንድ ዓመት ውስጥ ሦስት ሙሉ አልበሞች የሚያህል ሥራ ያለ ዋጋ ለሕዝብ አደለ። የመጀመሪያው ሥራ ርእስ «የፊኛዎች ቤት» ማለት ነው፤ ያም ቤት ሌላ ሳይሆን ያ የፓርክዴል ቤት ነው።

ዘፈኖቹ የሚተርኩት ኑሮ የአደንዛዥ ዕፅና የሌሊት ኑሮ ነው፤ ለዚህ የምናጨበጭበው ጭብጨባ የለንም። ነገር ግን ከአሠራሩ የምንማረው አለ። ፊት የሌለው፣ ቃለ መጠይቅ የማይሰጥ፣ ሥራውን የማይሸጥ ዘፋኝ በዚያን ጊዜ ለሙዚቃ ነጋዴው እንግዳ ፍጥረት ነበር። ነጋዴው የሚሸጠው ፊት ስለሆነ ፊቱን የከለከለ ሰው ዕቃውን ከለከለ ማለት ነው። ይህንንም ለማድረግ የቻለው ለዕለት እንጀራው ሲል ፊቱን እንዲሸጥ ያላስገደደው ቤት ስለ ነበረው ነው። «ብቻውን ወጣ» የሚሉት ባልደረቦቻችን እንግዲህ ሒሳቡን ይሥሩልን፤ የተካፈሉት ባልንጀሮች፣ ከሕዝብ ግብር የወጣው ድጎማ፣ ዜማውን አብረውት ያቀናበሩት ሰዎች፣ ሌሊቱን በሙሉ ለሥራ የሰጠው ርካሽ ክፍል፤ ይህ ሁሉ ተደምሮ «ብቻ» የሚል ቃል ከየት ይወጣዋል?

ይህ ነገር የአቤል ብቻ ሳይሆን የሙከራ ፊልም ታሪክ በሙሉ ነው። የሙከራ ፊልም ምንድን ነው ለሚለን አንባቢ፣ ባጭሩ እንዲህ እንላለን። የንግድ ሲኒማ ታሪክ ነግሮ ትኬት ይሸጣል፤ የሙከራ ፊልም ግን የሚመረምረው ራሱን ካሜራውን፣ ጊዜውንና የተዋናዩን ገላ ነው። የቶሮንቶው ተወላጅ ማይክል ስኖው በ1967 ያወጣው፣ ስሙ «የሞገድ ርዝመት» ማለት የሆነው ፊልም ከዚህ ዐይነት ሥራዎች ሁሉ እጅግ የታወቀው ነው። አርባ አምስት ደቂቃ ሙሉ ካሜራው ከአንድ ክፍል ወዲያኛው ጫፍ ተነሥቶ ወደ ፊት ለፊቱ ግድግዳ ቀስ እያለ ይጠጋል፤ በመጨረሻም ግድግዳው ላይ የተለጠፈ የባሕር ሞገድ ፎቶግራፍ ላይ ይደርሳል። ክፍሉ በኒውዮርክ በካናል ጎዳና የነበረ፣ ሠዓሊዎች የሚሠሩበት ባዶ ፎቅ ነው። ምሁራን ስለዚህ ፊልም ብዙ መጻሕፍት ጽፈዋል፤ እኛ ግን የምናየው አንድ ሰው አንድን ክፍል ለብዙ ቀን ያለ ሥጋት ሊይዝ መቻሉን ነው።

ሌላዋ ምስክር ሊሳ ስቲል ናት። ከአሜሪካ ወደ ካናዳ በ1968 የመጣች ስትሆን፣ በ1974 ሃያ ሰባተኛ ዓመቷን ባከበረችበት ቀን በአንዲት ቪዲዮ ካሜራ ፊት ራቁቷን ቆማ በገላዋ ላይ ያሉትን ጠባሳዎች አንድ በአንድ እያሳየች መቼና እንዴት እንደ ደረሱባት ተናገረች። ተዋናይም፣ ደራሲም፣ ካሜራም ያነሣች እርሷው ናት። ለአገራችን ሰው ይህ ነውር መስሎ ሊታየው ይችላል፤ ነገር ግን ልብ ብሎ ላየው የሠራተኛን እጅ ጠባሳ ቆጥሮ ታሪኩን ከመናገር የተለየ አይደለም። ስቲል በኋላ ከጓደኞቿ ጋር የቪዲዮ ሥራዎችን የሚያከማችና የሚያከፋፍል ቪቴፕ የተባለ ድርጅት አቋቋመች። በክፍሏ ብቻዋን የቆመችው ሴት ሥራዋ ሰው ዘንድ እንዲደርስ ማኅበር አስፈለጋት ማለት ነው።

አሁን ወደ አቤል እንመለስና ቴሌቪዥኑን እንመልከት። ከ2012 ጀምሮ ከትልቅ የሙዚቃ ኩባንያ ጋር ስለ ተዋዋለ የፓርክዴሉ ዘመን አብቅቷል። ቢሆንም በ2020 የሠራው ሥራ፣ በእኛ አስተያየት፣ ስሙ ባይወጣለትም እውነተኛ የቴሌቪዥን ሙከራ ነበር። በዓመቱ መጀመሪያ በወጣው የዘፈን ፊልም ቀይ ኮት ለብሶ ፊቱ ደም በደም ሆኖ ታየ። በኦገስት የሽልማት መድረክ ላይ እንደ ቆሰለ ወጣ። በኖቬምበር በሌላ የሽልማት በዓል ፊቱን በሙሉ በፋሻ ጠቅልሎ ቀረበ። በጃንዋሪ 2021 ፋሻው ሲፈታ በቀዶ ሕክምና ያበጠና የተለወጠ ሰው ሠራሽ ፊት ከሥሩ ወጣ። በፌብሯሪ 2021 ደግሞ ሱፐር ቦውል በተባለው የአሜሪካኖች ታላቅ የኳስ ጨዋታ ዕረፍት ላይ እርሱ ንጹሕ ፊቱን ይዞ ሲቆም፣ ፋሻውን የጠቀለሉት በዙሪያው የነበሩት ብዙ ጨፋሪዎች ሆኑ። ለዚያች ጥቂት ደቂቃ ዝግጅት ከራሱ ኪስ 7 ሚሊዮን ዶላር ያህል እንደ ጨመረ በጊዜው ተነግሯል። ዝነኞች ለመወደድ ሲሉ ፊታቸውን የሚያስቀድዱበትን ባህል ለማሳየት እንዳሰበ ራሱ አስረድቷል።

ልብ በሉ፤ አንድ ዓመት ያህል የተዘረጋ አንድ ተውኔት ነው፤ የተለያዩ ጣቢያዎች አንዱ ሌላውን ሳያማክር ክፍል በክፍል አስተላለፉት። ጣቢያዎቹ ዝነኛ ፊት ለማሳየት ብለው ጠሩት፤ እርሱ ፋሻ አሳያቸው። በ2011 ፊቱን የከለከለው ልጅ በትልቁ መድረክ ላይ ሌላ ዐይነት ክልከላ ማድረጉ ነው። ከፓርክዴል ይዞት የሄደው አንድ ነገር ቢኖር ይህ ነው እንላለን።

ከዚህ በኋላ የመጣው ግን ሌላ ነው። ኤችቢኦ የተባለው ጣቢያ በ2023 በጁንና በጁላይ ባሳየው «አይዶል» በተሰኘ ተከታታይ ድራማ አቤል ከፈጣሪዎቹ አንዱም፣ ተዋናይም፣ መኖሪያ ቤቱንም ለቀረጻ የሰጠ ሰው ነበር። የመጀመሪያዋ ዳይሬክተር ኤሚ ሳይሜትዝ በ2022 ሥራው ብዙ ከተጓዘ በኋላ ተለየች፤ ሥራውም በሌላ እጅ እንደገና ተቀረጸ። በካን ፌስቲቫል በታላቅ ሽር ጉድ ተመረቀ፤ ሐያስያኑ አብጠለጠሉት፤ ከአምስት ክፍሎች በኋላም ጣቢያው እንደማይቀጥልበት አስታወቀ። ገንዘብ አልጎደለም፤ ነፃነትም አልጎደለም፤ የጎደለው «ተው» የሚል ባልንጀራ ነው ብንል አንሳሳትም። በ2025 የወጣውና ራሱን የሚመስል ዘፋኝ ሆኖ የተወነበት ፊልም ስለ ድምፁ መጥፋትና ስለ ብቸኝነቱ ነው፤ በውስጡ የሚያስደንቁ ደቂቃዎች አሉ፤ በጠቅላላው ግን በመስተዋት የተሞላ ክፍል ነው።

ስለ «አይዶል» አንድ ነገር ሳንል ብናልፍ ሆዳችን አይችልም። አቤል የተወነው ሰው የሌሊት ክበብ ባለቤት፣ አጭበርባሪ፣ ሴቶችን አታልሎ የሚበዘብዝ ሰው ነው፤ ስሙም ቴድሮስ ነው። ቴድሮስ! ትንቢት የተነገረለት፣ በ1868 መቅደላ ላይ ሽጉጡን የጠጣው ንጉሥ ስም፤ ስንት እናት ለልጇ ተስፋ ብላ ያወጣችው ስም። ተዋናይ ክፉ ሰው ሆኖ መተወኑ ሙያው ነው፤ በዚህ አንከስም። በኋላም በድራማው ውስጥ ስሙ እውነተኛ ስሙ እንዳልሆነ ይገለጣል፤ ይህም ለአስተዋይ ሰው ጥሩ ሽሙጥ ሊሆን ይችል ነበር። ነገር ግን ሽሙጡን ሊያጣጥመው የሚችለው ተመልካች፣ ማለት የስሙን ክብደት የሚያውቀው ወገን፣ በዚያ ሥራ ከማንም ሒሳብ ውስጥ አልገባም። ስሙ እንግዳ ድምፅ ስላለው ብቻ ተፈለገ። ለማን እንደሚሠራ ያላወቀ ሥራ የራሱን ስም እንኳ ትርጉም አያገኝለትም።

ፍርዳችን ሚዛን እንዳይጎድለው ይህንም እንጨምር። አቤል ወገኑን የረሳ ሰው አይደለም። በ2016 የቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ የግዕዝ ትምህርት እንዲከፍት 50 ሺህ ዶላር ሰጥቷል፤ ትምህርቱም በ2017 ተጀምሯል። በ2021 በአገራችን በጦርነቱ ለተጎዱት በዓለም የምግብ ፕሮግራም በኩል አንድ ሚሊዮን ዶላር ረድቷል። ይህ የሚያስመሰግን ነው፤ የማኅበራችንን ጥያቄ ግን አይመልስም። የሚቀጥለው የፓርክዴል ልጅ ወይም ልጅት፣ አማርኛ እየተናገረች ያደገችና ከካሜራ ፊት አንድ ያልታየ ነገር ልትሞክር የምትፈልግ እኅታችን፣ የት ትኑር? በምን ጊዜ ትሥራ? ማን ይያት?

ሌላ መንገድ የሄዱ ሰው አሉን። ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ጎንደር ተወልደው በ1967 ቴያትር ለመማር ወደ ቺካጎ መጡ፤ ተዋናይ ለመሆን ነበር አመጣጣቸው። ከዚያ ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግረው ፊልም ተማሩ። በ1974፣ አሮጌው ሥርዓት ሲናድ አዲሱም ገና ሳይደላደል፣ አገር ቤት ገብተው በሁለት ሳምንት ያህል ጊዜ ውስጥ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የተባለውን ፊልም በጥቁርና ነጭ ቀረጹ። የተወኑት ገበሬዎች ናቸው። ገበሬው ማረሱን የምናይበት ርዝመት፣ ዝምታው፣ የባላባቱ ስድብ ደጋግሞ መጮሁ፤ ይህ ሁሉ ከማንም የሙከራ ፊልም የማያንስ ድፍረት ነው፤ ልዩነቱ የተመረመረው ጊዜ የጭሰኛው ጊዜ መሆኑ ነው። በ1993 «ሳንኮፋ»ን ሲጨርሱ በአሜሪካ የሚያከፋፍልላቸው ነጋዴ ጠፋ። እርሳቸውና ባለቤታቸው ሺርኪያና አይና ሲኒማ ቤት እየተከራዩ፣ የየከተማውን ጥቁር ሕዝብ እያስተባበሩ ራሳቸው አሳዩት፤ ሕዝቡም ተሰልፎ አየው። «ጤዛ» ለማለቅ ዐሥር ዓመት የዘለለ ጊዜ ወስዶ በ2008 ወጣ፤ በቬኒስም በኋላም በዋጋዱጉ ተሸለመ።

ይሁንና በዚህም መንገድ ላይ የመሬት ጥያቄ መጣ። በዋሽንግተን በጆርጂያ ጎዳና፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት ያለው የሳንኮፋ የመጻሕፍትና የቪዲዮ ቤታቸው፣ አካባቢው በሀብታም ሲያዝና የቦታ ግብሩ ሲንር አደጋ ላይ ወደቀ። በ2019 ሕዝቡ አቤት ካለ በኋላ ነው የከተማው ምክር ቤት የግብር እፎይታ የሰጠው። ቤቱ የራሳቸው የሆነ እንኳ እንዲህ ከተጨነቁ፣ ተከራይማ ምን ይበል?

በአገር ቤትም ነገሩ ያው ነው። መላኩ በላይ እስክስታን ከአውሮፓ የሙከራ ሙዚቀኞች ጋር ያጋጠመ፣ በትከሻው ብቻ መድረክ የሚሞላ ተወዛዋዥ ነው። ካዛንቺስ በሚገኘው ፈንድቃ አዝማሪ ቤት ለሽልማት ሳንቲም እየጨፈረ፣ ሌሊት ከባንኮኒው ሥር እየተኛ ዓመታት እንዳሳለፈ ራሱ ለብዙዎች ተናግሯል። ቆይቶ ቤቱን ራሱ ያዘው፤ የሥዕል ማሳያም፣ የግጥም ምሽትም፣ የውጭ ሙዚቀኛ ማረፊያም አደረገው። የፓርክዴሉ ቤትና የካዛንቺሱ ባንኮኒ ወንድማማች ናቸው። በ2024 ካዛንቺስ ለከተማ ልማት ሲፈርስ ፈንድቃም የነበረበትን ቦታ አጣ። መንገድ አይሠራ፣ ከተማ አይዋብ የሚል የለም። ነገር ግን የሚፈርሰው ጭቃ ቤት ብቻ አይደለም፤ አንድ ደሀ ተዋናይ ሌሊቱን የሚያሳልፍበት ሥርዓት ነው፤ ያን ደግሞ በብርጭቆ ሕንፃ ምድር ቤት መልሶ መትከል ቀላል አይሆንም። በአዲስ አበባ የሚኖሩ አንባቢዎቻችን ይህን ከእኛ አብልጠው ያውቁታል፤ ቢጽፉልን በደስታ እናትማለን።

አሁን ያለውን ፓርክዴል እንይ። በኦንታሪዮ ሕግ ተከራዩ በቤቱ እስካለ ድረስ ባለቤቱ ኪራዩን በየዓመቱ ከተወሰነው መቶኛ በላይ አይጨምርም። ተከራዩ ከወጣ ግን ለሚቀጥለው ሰው የፈለገውን ዋጋ ይጠይቃል። ይህ ደንብ የመጣው በ1990ዎቹ መጨረሻ ነው። ከኖቬምበር 15 ቀን 2018 በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ሰው የገባባቸው አዳዲስ ቤቶች ደግሞ ከገደቡ ጭራሹን ነፃ ናቸው። ከዚህም በላይ ለከባድ እድሳት ገንዘብ አወጣሁ የሚል ባለቤት ከገደቡ በላይ ለመጨመር ማመልከት ይችላል። የሕጉ ትርጉም ግልጽ ነው፤ ለባለቤቱ ብዙ ዘመን የቆየ ተከራይ ኪሳራ፣ የተባረረ ተከራይ ትርፍ ነው። ስለዚህ የፊኛዎቹን ቤት የመሰለ ቤት ዛሬ ለአራት ሥራ ፈት ወጣቶች የሚያከራይ ባለንብረት ፈልጎ ማግኘት ከባድ ነው፤ ድጎማውም ኪራዩን አይደርስበትም።

የፓርክዴል ሰው ግን ዝም አላለም። በሜይ 1 ቀን 2017፣ በሠራተኞች ቀን፣ የሜትካፕ ኩባንያ ሕንፃዎች ተከራዮች ከገደብ በላይ የተጠየቀውን ጭማሪ በመቃወም ኪራይ አንከፍልም ብለው አደሙ፤ ቁጥራቸውም 300 ያህል ደረሰ። ቲቤታዊው፣ ፊሊፒናዊው፣ ነጩም ጥቁሩም በየፎቁ ኮሚቴ አቁሞ፣ ለሦስት ወራት ያህል ጸንቶ፣ በኦገስት ባለቤቱን ለስምምነት አስቀመጠው። በዚያው ሰፈር ቦታ በጋራ ገዝቶ ለነዋሪው የሚይዝ የመሬት ማኅበርም ተቋቁሟል። የእኛ ሐሳብ ይህ ነው፤ ለሚቀጥለው ነፃ ተዋናይ ከማናቸውም የሽልማት ምሽት ይልቅ ያ አድማ ብዙ ሠርቷል። ይህን ስንል አድማ የቆሙት እናቶች ለፊልም ብለው አለመቆማቸውን አንዘነጋም፤ ለጣራቸው ነው የቆሙት። ጣራው ግን አንድ ነው።

ካሜራ በየኪሱ አለ የሚሉንን አሁን እንመልስላቸው። እውነት ነው፤ ካሜራ ረክሷል፤ የተወደደው ካሜራው የሚቆምበት ወለል ነው። ደግሞም ካሜራ የያዘ ሁሉ የሚታይበት መድረክ የለውም፤ በስልክ የሚለቀቀውን ማን እንዲያይ የሚወስነው የኩባንያው ማሽን ነው። ካናዳ ራሷ ከዚህ የተሻለ ያየችበት ዘመን አላት። በ1967 የብሔራዊው ፊልም ቦርድ ካሜራውን ይዞ ወደ ፎጎ ደሴት ዓሣ አጥማጆች ሄደ፤ ሰዎቹ ስለ ችግራቸው የተናገሩትን መልሶ ለራሳቸው በየመንደሩ አሳያቸው፤ ደሴቱን ለቃችሁ ውጡ የተባሉት ሰዎች በዚያ ጊዜ የኅብረት ሥራ ማኅበር አቁመው በአገራቸው ቀሩ። በ1971 ደግሞ የኬብል ቴሌቪዥን ኩባንያዎች ለአካባቢው ነዋሪ የሚሆን ጣቢያ እንዲለዩ የሚጠይቅ መመሪያ ወጣ። እነዚህ ሙከራዎች ብዙ ጉድለት ነበረባቸው፤ ሆኖም ተመልካችና ተዋናይ አንድ ሰፈርተኛ የሚሆኑበት ቴሌቪዥን ሊኖር እንደሚችል አሳይተዋል።

ከዚያ ዘመን የተረፈ ዕቃ ዛሬም በከተማችን አለ። ትሪኒቲ ስኩዌር ቪዲዮ ከ1971፣ ሊፍት የተባለው የነፃ ፊልም ሠሪዎች የኅብረት ማኅበር ከ1981 ጀምሮ ለአባላቱ ካሜራና የማቀናበሪያ ክፍል በአነስተኛ ዋጋ ያከራያሉ፤ ያስተምራሉም። የ16 ሚሊሜትር ፊልም ሳይቀር የሚነካበት ቦታ ሳለ፣ ከእኛ ተማሪዎች ደጁን የረገጡት ጥቂት መሆናቸው ያሳዝናል። ምክንያቱ ስንፍና ነው አንልም። ትምህርት፣ የሌሊት ሥራ፣ ለቤተ ሰብ የሚላክ ገንዘብ፤ ይህ ሁሉ ተደራርቦ ለሙከራ የሚሆን ሰዓት አይተርፍም።

ስለዚህ ለጠቅላላ ጉባኤው የምናቀርበው ሐሳብ የሚከተለው ነው። ከባህሉ ገንዘብ ከፊሉ በእነዚህ ማኅበራት ለሚገቡ አባሎቻችን መዋጮ ይክፈል፤ ወንዱም ሴቲቱም ካሜራ የሚያነሡትም የሚተውኑትም እኩል ይታዩ፤ በተለይ ተዋናይ «ለባህላችን ስትል በነፃ ሥራ» መባሉ ይቅር፤ ለሠራበት ቀን ይከፈለው። ሌላው ክፍል በፓርክዴል በሦስት ወር አንድ ጊዜ አነስተኛ አዳራሽ ለመከራየት ይዋል፤ ከሰፈሩ ተከራዮች ኮሚቴ ጋር በጋራ ይደረግ፤ ክርክሩ በአማርኛም በእንግሊዝኛም ይሁን። የተሠራውም ሥራ ቅጂው አገር ቤት ላሉት የተማሪ ክበቦች ያለ ዋጋ ይላክ። ማን ይምረጥ የሚል ክርክር እንደሚነሣ እናውቃለን፤ በየዓመቱ የሚለወጥ፣ ከአምስት ሰው የማይበልጥ ኮሚቴ ይምረጥ፤ የተጣለበትን ሥራ ምክንያት በዚህ መጽሔት ላይ በጽሑፍ ይግለጽ። አንዳንዶቹ ሥራዎች እንደማያምሩ፣ አንዳንዶቹም ተመልካች አቋርጦ እስኪወጣ ድረስ እንደሚያሰለቹ ከወዲሁ እንናገራለን፤ ሙከራ ነውና።

ትልቁን አዳራሽና ዝነኛውን ዘፋኝ የሚፈልጉት ባልደረቦቻችን በራሳቸው ትኬት ሽያጭ ቢያዘጋጁት ቀድመን የምንገዛው እኛ ነን። የመጀመሪያው የፓርክዴል ምሽት ግን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ይታይበት፤ ከእርሱ በፊት ደግሞ ከአባሎቻችን የአንዱ ወይም የአንዲቱ ዐሥር ደቂቃ የማይሞላ አዲስ ሥራ ይቅረብ፤ የተዋናዩም ዋጋ በሩ ሳይከፈት ይከፈል።